የከርከዴው ብርጭቆ

ሙንታሲር ለሁለተኛ ጊዜ ሲወድቅ ያጨበጨበለት አልነበረም። ሐሙስ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ካሜራ ፊት «መርዝ» ጠጥቶ ሲወድቅማ፣ አቃቂ ያለው አሮጌ መጋዘን በጭብጨባ ተናውጦ ነበር። የፊልሙ ታሪክ እንዲያ ነው፤ አንድ ምትሃተኛ ሕዝብ ፊት መርዝ ጠጥቶ ይሞታል፣ ከዚያ ተነሥቶ የከዳውን ወዳጁን ያጋልጣል። የመጨረሻዋ ቀረጻ ነበረች። ማታ አንድ ሰዓት ላይ ግን ሙንታሲር ሜካፕ ክፍል ውስጥ ወደቀ፤ ከዚህኛው አልተነሣም። በቀረጻው ብርጭቆ ውስጥ ለመርዝ ማስመሰያ ከተቀዳው ቀይ የከርከዴ ሻይ በተረፈው ላይ እውነተኛ መርዝ ተገኘ።

ሰኞ ጠዋት ኢንስፔክተር ጠጄ ከቱሉ ዲምቱ በሁለት ሚኒባስ ተጋፍታ ስትደርስ፣ የቀረጻ ዕቃ የምታዘጋጀው ሳምራ ቦርሳ አንጠልጥላ በሩ ላይ ጠበቀቻት።

«እኔ ነኝ የገደልኩት። ይውሰዱኝ።»

«ቀስ በይ እስቲ! ቦርሳው ምንድን ነው?»

«ሳሙና፣ ፎጣ፣ ጋቢ። እናቴ ቃሊቲ ማረሚያ ቤት በር ላይ ኪዮስክ ነበራት፤ ምን እንደሚገባ አውቃለሁ።»

ጠጄ በሥራ ዘመኗ ዓይናቸውን በጨው አጥበው የሚክዱ እንጂ ጋቢ ይዘው የሚመጡ ገጥመዋት አያውቁም።

«እንዴት ገደልሽው?»

«ከርከዴውን የቀዳሁበት ጠርሙስ እዚሁ መጋዘን ወድቆ ያገኘሁት ነው። ሦስቴ አጥቤዋለሁ፤ ምን እንደነበረበት ግን አላውቅም። ስንፍናዬ ነው! ደግሞ እኮ አልዋጠውም ነበር።»

«ምን አልሽ?»

«ጾመኛ ነበር። በረመዳን ታሞ ላፈረሳቸው ቀናት ቀዷ እያወጣ ነበር። ዳይሬክተሩ ብሩህ ደግሞ ‹ስትውጥ ካላየሁ አልቀበልም› ይላል። ስለዚህ አፉ ውስጥ ይይዝና ጉሮሮውን ያንቀሳቅሳል፤ ሲወድቅ ከጠረጴዛው ሥር ባስቀመጥኩለት ጣሳ ይተፋዋል። ለብሩህ እንዳልነግረው አስምሎኛል። ግን መርዝ ነዋ፤ አፉ መግባቱ ይበቃል።»

«ብርጭቆውን ለምን ወዲያው አላጠብሽውም?»

«ብሩህ ‹አትንኪው፣ ምናልባት እንደግመዋለን› አለኝ።»

«ብሩህ ምንሽ ነው?»

«እጮኛዬ» አለችና ማልቀስ ጀመረች።

ጠጄ ጠረጴዛው ሥር አጎንብሳ ጣሳውን አገኘችው። ቀይ ውሃ ቀርቶበታል። አሽጋ ያዘችው።

የሜካፕ ባለሙያዋ ማርቲም ዓይኗ አብጧል። «ጾሙንማ እንዴት አላውቅም? ከንፈሩን የምቀባው እኔ ነኝ፤ ኩበት ሆኖ ነበር። ቴምር የገዛሁለትም እኔ ነኝ። ቴምሩ ይሆን እንዴ እያልኩ እንቅልፍ አጣሁ።»

«በቴምር ብቻ ነው ያፈጠረው?»

«በማንጎ ጁስም። ቀረጻው እንዳለቀ ብሩህ ‹ደክሞሃል፣ ጠጣ› ብሎ አቀበለውና ለሚቀጥለው ፊልም ቦታ ለማየት ኮዬ ፈጬ ሄደ። ሙንታሲር ቦርሳው ውስጥ ከተተው።»

«ከዚያስ?»

«ብሩህ ሲደወልለት መጣ። ሁላችንም ስንጮህ እሱ የሙንታሲርን ቦርሳ ይበረብራል። ‹ስልኩን ፈልጌ ነው› አለኝ። ስልኩ ግን ሟቹ ኪስ ውስጥ እየጮኸ ነበር።»

የመጋዘኑ ዘበኛ ጋሽ መገርሳ በር ላይ አንድ ጆንያ ባዶ ጠርሙስ ተደግፈው ተቀምጠዋል።

«ጋሽ መገርሳ፣ ይሄን ሁሉ ምን ያደርጉታል?»

«ለቆራሌው ነዋ! አባቴ እዚህ መሬት ላይ ጤፍ ያጭድ ነበር፤ እኔ ፕላስቲክ እለቅማለሁ።»

«ሙንታሲር የሰጠዎት አለ?»

ሽማግሌው አንገታቸውን ደፉ። «ሲያፈጥር ‹አባባ፣ ጁስ ይቅመሱ› አለኝ። ስኳር አለብኝ አልኩት። ጨርሶ ጠርሙሱን ሰጠኝ። ምነው ባስጣልኩት!» አሉና ከጆንያው መዝዘው ሰጧት።

ረቡዕ ጠዋት ጠጄ አራቱንም በዚያው ጠረጴዛ ዙሪያ ሰበሰበቻቸው። ብሩህ የሳምራን ትከሻ አቅፏል።

«ከሳምራ ጥፋት እንጀምር» አለች ጠጄ። «ከርከዴው የተቀዳበት ጠርሙስ ተመርምሯል፤ ንጹሕ ነው። ሙንታሲር የተፋበት ጣሳም ንጹሕ ነው። እንግዲህ ከርከዴው አፉ ሲገባ መርዝ አልነበረበትም። ብርጭቆው ውስጥ የተጨመረው ከቀረጻው በኋላ ነው። ለምን? ሁላችን ‹ብርጭቆው ገደለው› እንድንል፣ ጥፋቱም በሳምራ እንዲላከክ። ይህን ያደረገው ሰው ግን አንድ ነገር አላወቀም። ሳምራ ጾሙን ታውቃለች። ማርቲ ታውቃለች። ጋሽ መገርሳ ሲያፈጥር አይተውታል። ከዋጠ ብቻ ነው ብርጭቆው የሚገድለው፤ ዋጠ ብሎ ያመነ ደግሞ...»

«ምን ዓይነት ቅዠት ነው!» ብሩህ ብድግ አለ። «ሲውጥ እኮ በሞኒተሩ በዓይኔ አይቻለሁ!»

«አዎ። አንተ ብቻ ነህ ያየኸው።»

ሰውን ሲያታልል የኖረ ዳይሬክተር በገዛ ካሜራው ተታሎ ቆመ።

«መርዙ ከማንጎ ጁሱ ጠርሙስ ተገኝቷል» አለች ጠጄ። «ቦርሳ ውስጥ ያጣኸው ጠርሙስ ጋሽ መገርሳ ጆንያ ውስጥ ነበር። የሙንታሲር እህት ኡምሰልማ ደግሞ የፊልሙን ድርሰት በእሱ እጅ ጽሑፍ፣ ከነስርዝ ድልዙ አሳየችኝ። ፖስተሩ ላይ ግን ‹ድርሰትና ዝግጅት ብሩህ› ይላል።»

ብሩህ ወንበሩ ላይ ተመልሶ ወደቀ። «‹ስሜን ጻፍልኝ› ነው ያለኝ» አለ። «ካለበለዚያ ፊልሙ ሲያልቅ እናገራለሁ አለኝ። ሰው ምን ይለኛል ብዬ...»

ሳምራ ወደ እሱ ዞረች።

«ትናንት ‹ገደልኩት› እያልኩ ጉልበትህ ላይ ሳለቅስ፣ ‹እኔ ይቅር ብዬሻለሁ› አልከኝ እኮ።»

ጠጄ የብሩህን እጅ በካቴና አሰረች።

ሳምራ ቦርሳዋን አንሥታ ጭኑ ላይ አስቀመጠችለት።

«ያዘው። ጋቢው ወፍራም ነው፤ እዚያ ይበርዳል።»

ጋሽ መገርሳ በሩን ከፈቱላት፤ ባዶ እጇን ወጣች።