መብራት ሲጠፋ የሚመጣው እንግዳ

መጀመሪያውኑ ልንገራችሁ፣ እኔ እንዲህ ያለ ወሬ ሲወራ ከሚስቁት ወገን ነበርኩ፣ ጥላ ተከተለኝ የሚል ሰው ሲገጥመኝ «ምን ጠጥተህ ነው?» እላለሁ። ደግሞም ሥራዬ መብራት ነው፣ አዳማ ውስጥ ቤት ለቤት እየዞርኩ ሽቦ እዘረጋለሁ፣ ሶኬት እቀይራለሁ፣ እና መብራት በሽቦ ካልመጣ ከየትም እንደማይመጣ ከኔ በላይ የሚያውቅ የለም ባይ ነበርኩ። አሁን ግን፣ እመኑኝ፣ ምንም አላውቅም።

እማዬ የምትኖረው ከኔ፣ ከባለቤቴ ከሰናይትና ከትንሿ ልጃችን ከሊያ ጋር ነው። ግላኮማ ዓይኗን ቀስ በቀስ ወስዶባት ሊያ ከመወለዷ በፊት ጨርሶ ጨለመባት፣ ሐኪሙም የሄደው አይመለስም ብሎ ቁርጡን ነግሮናል። ብዙም አታማርርም፣ የሚቆጫት አንድ ነገር ብቻ ነው፣ የልጅ ልጇን ፊት አለማየቷ። ሊያን ጭኗ ላይ አስቀምጣ አፍንጫዋን በጣቶቿ ስትዳስስ ሳይ እኔ ወደ ውጭ እወጣለሁ፣ አልችልም።

ያን ምሽት ገና እራት ሳይቀርብ መብራት ሄደ። ይሄ በኛ ሰፈር ብርቅ አይደለም፣ ተራራው ላይ እነዚያ ትልልቅ የነፋስ ማመንጫዎች ሲሽከረከሩ እያየን እኛ በሻማ እንቀመጣለን፣ የዓባይን ልጅ ውሃ ጠማው ማለት እኛ ነን። ማብሪያውን እንደ ወትሮው ሳላጠፋ ተውኩት፣ ሲመጣ እንድናውቅ፣ ሰናይት ሻማ ፍለጋ መሳቢያ ትጎረጉራለች። በዚህ መሃል እማዬ ከተቀመጠችበት ሳትነሳ «መጣ» አለች።

«አልመጣም እማዬ፣ ጨለማ ነው» አልኳት።

«እንዴት ጨለማ ነው? ያውና በሩ ጋ» አለች፣ ከዚያ ድምጿ ተለወጠ። «ያቺ ናት ሊያ? ጥርሷ ፍንጭት ነው እኮ፣ የኔን ነው የወሰደችው።»

ስለ ጥርሷ ሰው ነግሯት ይሆናል ብዬ «እስቲ እኔ ምን ለብሻለሁ?» አልኳት። «የሥራ ቱታህን፣ የላይኛው ቁልፍ ተበጥሷል» አለች። ብዳስሰው ቁልፉ የለም። እኔ የገዛ እጄን አላይም፣ ዓይነ ስውሯ እናቴ የቱታዬን ቁልፍ ታያለች።

«ነይ እስቲ ወደ ብርሃኑ» ብላ ሊያን ስትጠራት፣ ስታለቅስም ሰማኋት፣ ከዚያ ወደኔ ዞራ «ሰውዬውን በር ላይ ማቆም ምን ያለ ነውር ነው? መብራት ይዘውልን መጥተው፣ ይግቡ በላቸው እንጂ» አለችኝ። በሩ ክፍት ነው፣ ከውጭ በሚገባው የሰማይ ጭላንጭል ነፋሱ መጋረጃውን ሲያወዛውዝ ይታየኛል፣ ሰው የለም። ግን ደጅ የቆመ እንግዳ ይግቡ ሳይባል አይተውም፣ እናቴም ደስ ይበላት ብዬ ባዶውን በር እያየሁ «ይግቡ፣ ቤት የእግዜር ነው» አልኩ። መጋረጃው ተነፍቶ ተመለሰ፣ ቀጥሎ ጥግ ያለው የፕላስቲክ ወንበር፣ ሰው ሲቀመጥበት እንደሚለው፣ ሲጢጥ አለ።

ሰናይት «በኢየሱስ ስም» ብላ የስልኳን መብራት አበራች። ወንበሩ ባዶ ነው። እማዬ ግን በሁለት እጇ ፊቷን ይዛ «አጥፉት፣ አሳወራችሁኝ» ብላ ጮኸች፣ ስናጠፋው ተረጋጋች፣ ሊያን ማየቷን ቀጠለች። ትንሽ ቆይቶ የሰፈሩ ልጆች እንደ ልማዳቸው «መጣ!» ብለው ተንጫጩ፣ አምፖላችንም በራ፣ እማዬ ተነፈሰችና «ጠፋ» አለች።

ከዚያ ወዲህ መብራት በሄደ ቁጥር ወንበሩ ሲጢጥ ይላል፣ እማዬም ታያለች፣ የሊያን ፀጉር በዚያ ብርሃን ትሠራላታለች፣ መስመሩ ቀጥ ያለ ነው። ለሷ ብዬ ቆጣሪው ጋ ያለውን ብሬከር ራሴ አውርጄ ቤቱን አጨለምኩት፣ እንግዳው ግን አልመጣም፣ የሚመጣው መብራቱ በራሱ ሲሄድ ብቻ ነው። የመብራት ሠራተኛ ሆኜ መብራት እንዲጠፋ ስለት ልሳል ምንም አልቀረኝም ነበር። እንግዳው ማን እንደሆኑ ስጠይቃት «አታውቃቸውም» ብላ ታልፈኛለች። ችግሩ ሲነሱ ነው፣ እማዬ እንግዳ ሳይሸኝ አይሄድም ትላለች፣ መጀመሪያ እስከ በሩ ሸኘቻቸው፣ ሌላ ቀን እስከ ግቢው መሃል፣ ቀጥሎ እስከ አጥሩ በር።

ባለፈው ደግሞ ነጠላዋን ለብሳ፣ ያለ ዱላ፣ ከግቢ ወጣች። እጇን ይዤ ተከተልኩ፣ እኔ እየተደናቀፍኩ እሷ «ጀሪካኑን እለፈው ልጄ» እያለች ትመራኛለች፣ ሰው ባለፈ ቁጥር የሚጮኹት የጎረቤት ውሾች ጭጭ ብለዋል። ስልኬ እጄ ላይ ነው፣ ባበራው እናቴን በገዛ እጄ ላሳውራት ነው፣ ባላበራው የት እንደምንሄድ አላውቅም፣ ፈራሁ፣ እንደ ሕፃን ፈራሁ። አስፋልቱ ጋ ስንደርስ እጄን ለቀቀችና «በቃ፣ አንተ ከዚህ ተመለስ፣ ይብቃህ» አለችኝ።

ስንቱን እንግዳ ሸኝቻለሁ፣ ይብቃህ ተመለስ የሚለው የሚሄደው ሰው ነው፣ ሸኚ እንዲህ አይልም። እሷ እንግዳውን ስትሸኝ እኔ የምሸኘው እሷን ኖሯል።

ስልኩን አላበራሁትም፣ አልጠራኋትምም፣ እዚያው ቆምኩ። ልጆቹ «መጣ!» ባይሉ ኖሮ ምን ይሆን እንደነበር እንጃ፣ የመንገዱ መብራት ሲበራ እማዬ አስፋልቱ ጠርዝ ላይ አየሩን በእጇ እየዳሰሰች «ጠፋ፣ ልጄ የት ነህ?» ትላለች።

አልጋ ሥር፣ መብራት ሲሄድ ወዲያው ራሱ የሚበራ፣ በባትሪ የሚሠራ መብራት ከነካርቶኑ አለ፣ ለስንቱ ቤት ገጥሜያለሁ፣ እኔም ብገጥመው ይሄ ቤት ዳግመኛ አይጨልምም። እማዬ ካርቶኑ ሲገባ ሰምታለች። «ግጠመው፣ አልቆጣህም» አለችኝ፣ «ግን የሊያን ፊት አንዴ ልጥገበው።»

ዛሬ ከቀትር ጀምሮ ነፋሱ በርትቷል፣ አምፖሉ ብልጭ ድርግም ይላል፣ ካርቶኑንም አልከፈትኩትም። እማዬ ነጠላዋን ለብሳ ወደ በሩ ዞራ ተቀምጣለች፣ ሊያ ጭኗ ላይ ናት።