የዘገየው ሙሽራ መጨረሻ

አቶ ገብረተንሳኤ ዓርብ ጠዋት ሮማናት አደባባይ አጠገብ ባለው ቤታቸው፣ ከሲኒማ ማሽናቸው ጎን በትራስ ታፍነው ሞተው ተገኙ። ማሽኑ ላይ «የዘገየው ሙሽራ» ተጠምጥሟል፤ ከሰባ ዓመት በፊት ከመድረክ ቲያትር ተወስዶ የተሠራ፣ ጠፋ ሲባል የኖረ ድምፅ አልባ አስቂኝ ፊልም ነው። በሩ አልተሰበረም። ሌላ ቁልፍ ያላት ልጃቸው ፍሬወይኒ ብቻ ነበረች፤ ተጠርጥራ ሰኞ ፍርድ ቤት እንድትቀርብ ተወሰነ።

ኢንስፔክተር ለተመድህን ግን የችኮላ ነገር አይጥማትም።

«ሐሙስ ማን መጣ?»

«ምሳ ይዤ ስሄድ በድሩ ነበረ» አለች ፍሬወይኒ። «የፊልሙን የመጨረሻ ቁራጭ አግኝቶ ለአባቴ አመጣለት። ቆርቆሮው ዝጎ ስለነበር ኣቦይ በመዶሻ ነው የከፈተው። ከቀረው ፊልም ጋር ሲያጣብቀው አይተን አብረን ወጣን።»

«ወላሂ እንዳለችው ነው» አለ አሮጌ ዕቃ ነጋዴው በድሩ። «መጨረሻውን ያኔ እሳቸውም ገና አላዩትም ነበር።»

በዚያ ቀን የመጣው ሦስተኛ ሰው፣ ከአዲስ አበባ መጥቶ ዓዲ ሓቂ ሰፈር የሚኖረው፣ ስለ ቲያትሩ መጽሐፍ የጻፈው ተመራማሪ መምህር ሚልኪያስ፣ «ሐሙስ አስር ሰዓት ላይ ባንኳኳ የከፈተልኝ የለም። ፊልሙንም አይቼው አላውቅም» አለ። ለተመድህን የቲያትሩን ጽሑፍ ከእሱ ተውሳ ሄደች።

እሁድ ሦስቱንም በሟቹ ቤት ሰበሰበቻቸው።

«ለቅሶ ቤት ውስጥ ፊልም?» አለች ፍሬወይኒ።

«ላንቺው ስል ነው፤ ኣይዞኺ።»

ግድግዳው ላይ ሙሽራው ከአማቱ ሸሽቶ በርሜል ውስጥ ገባ። አማቲቱ ምንም ሳታውቅ መጥታ ውሃ ትሞላበት ጀመር። ጥርስ ባዳ ነው፤ በድሩ ሳቀ፣ ሐዘንተኛዋም አፏን በነጠላዋ ሸፍና ሳቀች።

ለተመድህን ማሽኑን አቆመች።

«እኔ የማየው እናንተን ነበር። መምህር፣ አማቲቱ እንስራዋን ከማንሳቷ በፊት ዞር ብለው ሁለቱን አዩ። ቀልዱን አስቀድሞ የሚያውቅ ሰው የሌላውን ሳቅ ይጠብቃል።»

«ቲያትሩን በቃሌ ነው የማውቀው።»

«አነበብኩት። ቲያትሩ ሙሽራው ከበር ሲመለስ ያልቃል፤ በርሜል የለበትም። የበርሜሉ ትርኢት ሐሙስ ቀን በተከፈተው ቆርቆሮ ውስጥ ነበር። ስለዚህ ፊልሙን ያዩት ከዚያ ወዲህ፣ እዚሁ ክፍል ነው። ሲያንኳኩ አቶ ገብረተንሳኤ ራሳቸው ከፈቱልዎት፤ ቁልፍ ምን ያደርጋል? መጽሐፍዎ ደግሞ ይህ ፊልም ጨርሶ አልተሠራም ይላል።»

ሚልኪያስ ወደ ማሽኑ ዞረ።

«ቅዳሜ ለሕዝብ ላሳየው ነው አሉኝ። የሃያ ዓመት ድካሜ መሳቂያ ሊሆን ነው። ትንሽ ያቆዩልኝ ብዬ ለመንኳቸው፤ እምቢ አሉ።»

«ታዲያ ፊልሙን ለምን አላቃጠሉትም?»

«አልቻልኩም» አለ። «ያስቃል።»

ፍሬወይኒ ቀና አለች።

«ኣቦይስ? ሳቀ?»

«በጣም» አለ ሚልኪያስ ፊቷን ማየት አቅቶት። «እንባቸውን እየጠረጉ ነበር... ያኔ ነው ትራሱን ያነሳሁት።»