መንፈሷን የጋረደው ራሰ በራ

በሩ ሲጢጥ አለ። ሱሀይር ትንፋሿን ዋጠች። ሸማ ተራ፣ በወንድሟ ሱቅ ውስጥ፣ ከጋቢ ክምር ጀርባ ተደብቀው አንድ ኢርፎን ለሁለት ሰክተዋል፤ ጓደኛዋ ሩዋይዳ ክንዷን ጨምድዳ ይዛታለች። ስልኩ ላይ፣ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ለገዛ ራሷ ለቅሶ የወጣች የምትመስል ሟች ከጆንያዎቹ መሀል ብቅ አለችና... አንድ ራሰ በራ ሙሉ ፊቷን ጋረዳት።

ፊልሙን ሲኒማ ቤት ተደብቆ በስልክ የቀዳው ሌባ፣ ከፊቱ ማን እንደተቀመጠ አላየም መሰለኝ። ይባስ ብሎ ራሰ በራው ስልክ አነሳ። «ሄሎ! አዎ፣ ጭነቱ ገብቷል!»

ሩዋይዳ በሳቅ ፈረሰች። «ወይኔ! መንፈሷ ጅምላ አከፋፋይ ናት እንዴ?»

ሱሀይር አልሳቀችም። ከዚያ ራስ በስተጀርባ ያለችውን ሟች የተወነው ወንድሟ ጠሀ ነው። ለዚህች ትዕይንት እህል በረንዳ የበርበሬ ጆንያ ሥር ተጋድሞ ውሏል። ዳይሬክተሩ «መንፈስ አያስነጥስም!» እያለ ሲጮህበት ዋለ። በመጨረሻ ግን «ሰው ትኬት ቆርጦ ከገባ ሁለተኛ ፊልም እንሠራለን፤ ያኔ በሕይወት ትተውናለህ» አለው። ጠሀ ከዚያ ቀን ጀምሮ መስታወት ፊት በሕይወት መኖር እየተለማመደ ነው።

በፊልሙ ሁሉ ፊቱ የሚታየው እዚህች ጋ ብቻ ነው። እሷም ቸኩላ፣ የቁማር ማስታወቂያ እየዘለለች፣ «ስልክዎ ቫይረስ ይዞታል» እየተባለች ሊንኩን ያገኘችው ያቺን ፊት ለማየት ነበር። ለጓደኞቿ ግን ትንፍሽ አላለችም። ወንድሜ የሴት መንፈስ ሆኗል ካለች፣ ሙዱ እስከ ማትሪክ አያልቅም።

«ሊንኩን ግሩፑ ላይ ልቀቂዋ!» አለች ሩዋይዳ። «ቅዳሜ እኛ ቤት ተሰብስበን ሙድ እንያዝበት።»

ግሩፑ የዕቁብተኞቹ ነው፤ አምስቱ ሴቶች የሳምቡሳ ብራቸውን አዋጥተው በየወሩ ለአንዷ ያወጣሉ። የዚህ ወር ዕጣ ለሱሀይር ወጥቷል። በብሩ የምትገዛውን ነጭ ስኒከር እንኳ መርጣ አስቀምጣለች።

ሊንኩን ኮፒ አደረገች። አውራ ጣቷ «ላክ» ላይ ደረሰ።

«አጥሹ!» ጠሀ ከሱቁ ደጅ አስነጠሰ።

«ይማርህ!» አለች ሩዋይዳ። «ወንድምሽን ጉንፋን አልለቅ አለው እንዴ?»

«ጉንፋን አይደለም፤ በርበሬ ነው» አለች ሱሀይር።

ሊንኩን አጠፋችውና መጻፍ ጀመረች። «ቅዳሜ ሲኒማ ቤት በር ላይ እንገናኝ። ትኬቱን በኔ ዕቁብ እቆርጣለሁ።»

ሩዋይዳ በትከሻዋ በኩል አነበበች። «አንቺ! ጫማውስ?»

ሱሀይር ስልኩን ወደ ራሷ አዞረች። ትንሽ አመነታችና ጨመረችበት፦ «መንፈሷን አውቃታለሁ። ወንድሜ ነው።»

ላከችው። ስልኩን በጋቢው ክምር ውስጥ ቀበረችና ሩዋይዳን እንዳትስቅ በዓይኗ አስጠነቀቀቻት። መልሱ እየጎረፈ ክምሩ መንዘር ጀመረ፤ አላቆመም።

«ምን እየሠራችሁ ነው እዚያ?» አለ ጠሀ፣ አፍንጫውን እየጠረገ።