በቁሜ የተፈታብኝ ፍትሐት

በቁሜ ፍትሐት ተፈታብኝ፣ የተሠራብኝ ግፍ ይኸ ነው። እኔ በጥላ በመንፈስ አምኜ አላውቅም፣ እመነኝ ወዳጄ፣ በሚያምኑት እንዲያውም እስቅ ነበር።

ጣሊያን ከወጣ በኋላ ነው፣ ውጭ አገር ተምሮ የተመለሰ አንድ የጎንደር ሠዓሊ ንግግርም ታሪክም የሌለው ፊልም እሠራለሁ ብሎ ተነሣ፣ እኔን አዘዞ ገበያ አይቶ፣ "አያ ካሴ፣ ፊትዎ ሸጋ ነው፣ ሬሳ ይሁኑልኝ" አለኝ። "ሬሳ ለመሆን ደግሞ ምን ፊት ያሻል?" አልሁት፣ ሳቀ። ክርስትና ስሜን ጠየቀኝ፣ ፊልሙ ላይ ሊጽፈው መስሎኝ ወልደ ሚካኤል ብዬ ነገርሁት።

ወይራ ካለበት መቃብር ቦታ ተገንዤ ተኛሁ፣ ካሜራው እንደ ስፌት መኪና ተር ተር ይላል። ቄስ መጡ፣ ለካ ሠዓሊው እንግዳ ሰው ሞቶብኛል ብሎ ነው ያመጣቸው፣ እሳቸውም የምራቸውን ሲፈቱ ክርስትና ስሜን ጠሩት። ልነሣ ቃጣኝ፣ ግን አይንቀሳቀሱ ተብያለሁ።

ፊልሙ ሲኒማ ቤት የታየ ምሽት፣ በጎልማሳነቴ ፊደል ቆጥሬ ነበርና ሸራው ላይ ከተጻፉት ስሞች መካከል ስሜን ፈለግሁ፣ የአልቃሾቹ እንኳ አለ፣ የእኔ የለም። እየተራገምሁ ቀና ስል፣ ሬሳው እንደተኛ ነው፣ ከአልቃሾቹ ጀርባ፣ ከወይራው ሥር ደግሞ እኔው ቆሜ አለቅሳለሁ። የለበስሁት ያን ምሽት ሲኒማ ቤት ለብሼው የመጣሁትን ክርኑ የተጣፈ ካፖርት ነው፣ የገዛሁት ግን ፊልሙ ከተነሣ በኋላ ነው! ሠዓሊውን አነቅሁት።

"ምነው፣ ምን ዓይነት ማታለል ነው?"

"በማርያም አያ ካሴ፣ ከወይራው ሥር ማንንም አላቆምሁም!" አለ።

የንስሐ አባቴ ጉዳዩን ሰምተው፣ "አንተ ጉድ፣ ፍትሐትህን አስቀድመህ በላኸው፣ ስትሞት ማን ይፈታልሃል?" አሉ፣ አሰቡ፣ አሰቡና፣ "ፍትሐቱ ለፊልሙ ይሁን፣ ፊልሙ ይቀበር" ብለው ፈረዱ። ሠዓሊው ሌላ ቅጂ የለውም፣ እያለቀሰ ፊልሙ ወደተነሣበት መቃብር ቦታ አመጣው።

አፈር ሲመለስበት ለእኔም እንባዬ መጣ፣ ምን ላድርግ፣ ሰው ሆኜ የታየሁት በሱ ብቻ ነበር። ዓይኔን ስጠርግ የቆምሁት ከዚያው ወይራ ሥር ነው፣ ያንኑ ካፖርት ለብሼ። ካሜራ የያዘ ሰው አልነበረም፣ ሙት እውነቴን ነው፣ ከኋላዬ ግን ተር ተር ይላል። አልዞርሁም።

ነገሩ አለቀ ተብሎ የተለያየነው በኅዳር ሚካኤል ዕለት ነው።