«ሁለት ነን» የሚለው መልእክት

እኔ እንዲህ ያለ የመንፈስ ወሬ ሲነሳ ብድግ ብዬ የምሄድ ሰው ነበርኩ፣ ሥራዬ ከሽቦና ከባትሪ ጋር ስለሆነ ሁሉም ነገር ምክንያት አለው ባይ ነኝ፣ ይህን የምነግራችሁም ሳልጨምር ሳልቀንስ ነው።

ኢየሩሳሌም ላይ ያ ከባድ በረዶ የጣለ ሰሞን ዛፎች በመብራት ገመድ ላይ ወደቁ፣ መብራት ሄደ፣ ቀጥሎ የስልኩም ኔትወርክ ጠፋ። እኔና የአክስቴ ልጅ ዳኒ ከሰፈራችን ከቂርያት ሃዮቨል ወደ መሃል ከተማ መጥተን ትንንሽ ሬዲዮዎች ጣሪያ ላይ እንሰቅል ነበር፣ አሠራራቸው ለማንም ክፍት ስለሆነ ራሳችን የገጣጠምናቸው ናቸው፣ ያለ ኢንተርኔት አጭር ጽሑፍ እየተቀባበሉ ያደርሳሉ።

ከሰዓት በኋላ ሃነቪኢም ጎዳና ላይ አንዷን ሰቅለን ስንወርድ ከሬዲዮዋ ጋር የተገናኘው ስልኬ ጢው አለ። በአማርኛ ነው። «ሁለት ነን። ኢትዮጵያ ጎዳና፣ ከደረጃው ሥር። በሩ አልከፈት አለን» ይላል፣ የላኪው ስም ቦታ ባዶ ነው።

«ዳኒ፣ አንተ ነህ?»

«እኔ አማርኛ እጽፋለሁ እንዴ?» አለኝ፣ እውነቱን ነው፣ እዚሁ ተወልዶ ፊደል አይለይም፣ ሬዲዮ ከያዙት መካከል አማርኛ የምጽፍ እኔ ብቻ ነኝ።

እየተንሸራተትን ሄድን። መንገዱ ጭር ብሏል፣ እዚያ ካለው የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን አጥር ማዶ ባለ አሮጌ ቤት ደረጃ ሥር አንዲት በር አየን፣ ቅርንጫፍ ወድቆባት በረዶ ተከምሮባታል። በእጃችን ስንጠርግ ከውስጥ ቀስ ብሎ ተንኳኳ፣ ከዚያ፣ እመኑኝ፣ እዚያው ውስጥ ራቅ ካለ ጥግ ሌላ ማንኳኳት መለሰ።

በሩን ስንከፍት አንዲት መነኩሲት ፍራሽ ላይ በጋቢ ተጠቅልለው ይንቀጠቀጣሉ።

«እማሆይ፣ መልእክቱን የላኩት እርስዎ ነዎት?»

«የምን መልእክት ልጄ? ስልክም የለኝ።»

ዳኒ አዘላቸው። ደረጃውን ሲወጣ ዞር ብለው «ያችኛዋስ?» አሉኝ።

«ማን እማሆይ?»

«እጄን ይዛ ስታሞቀኝ የነበረችው። አይተኙ፣ እየመጡ ነው ስትለኝ የነበረችው።»

ተመልሼ በስልኬ መብራት አየሁ። አንድ ክፍል ነው፣ መስኮት የለው፣ ሌላ በር የለው፣ ፍራሹና አንድ ወንበር ብቻ። በሩን ልዘጋ ብዬ እጄ እምቢ አለኝ፣ ሰው ላይ የምዘጋ መሰለኝ፣ ወለል አድርጌ ትቼው ወጣሁ።

እማሆይ ተሽሏቸዋል። ዳኒ መልእክቱን የመሣሪያ ስህተት ነው ይላል፣ የትኛው መሣሪያ ስለው ግን ወሬ ይቀይራል። በማግስቱ የእማሆይን ልብስ ላመጣ ብቻዬን ሄጄ ነበር፣ ያየሁትን ለዳኒም አልነገርኩትም። በሩ ከውስጥ ተቀርቅሮ ነበር።