ከሰሊጥ ጆንያ ሥር የተደበቀው መልስ

የጋራዡ ሠራተኛ ማሩ የተገኘው በመንግሥት እርሻው የሰሊጥ መጋዘን ውስጥ፣ ጆንያ እንደተደገፈ ሞቶ ነው። ገላው ላይ ጭረት እንኳ አልነበረም። ጭኑ ላይ ነጋዴው ሷሊህ ከሱዳን ገዳሪፍ ያመጣለት የምህንድስና ሒሳብ ጥያቄዎች መፍቻ መጽሐፍ ተዘርግቷል።

የፖሊስ መቶ አለቃ ዘሩ ከገንዳ ውሃ ከተማ ሲደርስ ነጭ ሽንኩርት ነጭ ሽንኩርት የሚል ሽታ ገና ከመጋዘኑ አልለቀቀም። ሽማግሌው መጋዘን ጠባቂ እንግዳው እጃቸው ታስሮ ውጭ ተቀምጠዋል።

«አሻጥር ነው» አለ ካድሬው ደምለው። «የነቀዝ መርዝ የጨመረውም ለሟቹ ቁልፍ የሰጠውም ይኸ ሽማግሌ ነው። ዛሬውኑ ይወሰዳል።»

በዚያ በደርግ ዘመን እንዲህ የተወሰደ ሰው እንደማይመለስ ዘሩ ያውቃል።

«አባ እንግዳው፣ ቁልፉን ለምን ሰጡት?»

«ቀደም ብዬ ነው የሰጠሁት፤ ጸጥ ባለ ቦታ ያጥና ብዬ ነዋ። መድኃኒቱን የጨመርሁ ትናንት ነው። እንደ ወትሮው በሩ ላይ ቀይ ጨርቅ አሰርሁ። ቀይ ካየ ማንም አይገባም፤ እሱም ያውቃል።»

ዘሩ ሌሎቹን መጋዘኖች ዞሮ አያቸው። ከዚያ ሰሊጥ አበጣሪዋን የማሩን እህት ውባንችን ጠራት።

«መፍቻውን እዚህ ማን አስቀመጠው?»

«እኔ ነኝ፤ ከትናንት በስቲያ ጆንያ ሥር ከተትሁት። ‹ራሴ ሳልሞክር እንዳላየው ደብቂብኝ› ይለኝ ነበር። ዛሬ ጠዋት መልሱ ከመማሪያ መጽሐፉ ጋር አልገጥም ብሎት ፊቱ ጠቁሮ ሳየው አሳዘነኝና ያለበትን ነገርሁት።»

ዘሩ ሁሉንም በሩ ላይ ሰበሰባቸው።

«ጓድ ደምለው፣ ዛሬ ጠዋት በየመጋዘኑ በር ቀይ ጨርቅ ያሰቀለ ማነው?»

«እኔ ነኝ፤ ለላብ አደሮች በዓል።»

«ለማሩም ይኼኛው ጨርቅ የበዓል መሰለው። የመርዙ ሽታም አላስደነገጠው፤ ጋራዥ የሚውል ሰው እንደ ነጭ ሽንኩርት የሚሸተውን የብየዳ ካርባይድ ለምዷል። ወንጀለኛ ካስፈለገ ጨርቅ ያሰሩትን ሁለቱንም እጽፋለሁ።»

ደምለው መሬት መሬት እያየ «ይፈቱ» አለ።

ዘሩ ከማሩ እጅ ያገኘውን ወረቀት አወጣ። «የሱ መልስ መማሪያው ጀርባ ካለው ጋር አይገጥምም። መፍቻው ግን መማሪያው በኅትመት ተሳስቷል ይላል። የመፍቻው መልስና የማሩ መልስ አንድ ነው።»

«ልክ ነበር ማለት ነው?» አለች ውባንች።

«ልክ ነበር። አይቶታልም።»

«አይቶ ለምን አልወጣም?»

መቶ አለቃው ወረቀቱን ሰጣት። ማሩ ከመልሱ ሥር ቀጣዩን ጥያቄ ጀምሮ ነበር። የመጨረሻው መስመር የእኩል ምልክቱ ላይ ቆሟል።