ከግንቡ ወዲያ ያለው ቀን

ኤርሜቴ ጋላሲ የተገኘው በቫቲካን የአትክልት ስፍራ፣ ከምንጩ በታች ባለው የድንጋይ ደረጃ ግርጌ ነው። በጀርባው ተንጋሏል። አንድ ጫማው ከእግሩ ወልቆ ሁለት ደረጃ ከፍ ብሎ ቀርቷል። ዓይኖቹ የጥዶቹን ጫፍ የሚያዩ ይመስላሉ። ከምሳ በኋላ ቅጠል ሊጠርግ የመጣው አትክልተኛ ነው ያየው።

ኢንስፔክተር ኔሪዮ ታዴይ የቫቲካን፣ የዚህች በግንብ የታጠረች ትንሽ አገር፣ ፖሊስ ቢሆንም የሚኖረው ከግንቡ ውጭ፣ ሮም ነው። በዚያን ዕለት ጠዋት ሚስቱና ልጆቹ ወደ ባሕር ዳርቻ ሲሄዱ እሱ አውቶቡስ ቢጠብቅ ቢጠብቅ ስላልመጣለት ወደ ሥራ የመጣው በእግሩ ነበር። መንገዱ ጭር ብሎ ነበር። የሱቆቹ መዝጊያ ሁሉ ወርዷል፤ አልፎ አልፎ በረንዳ ላይ ባንዲራ ይታያል። የግንቡን በር አልፎ ሲገባ ግን ሰው ሁሉ እንደወትሮው ፋይል አቅፎ ይጣደፍ ነበር።

ሐኪሙ ከሬሳው ላይ ቀና አለ። «ጭንቅላቱ ነው። ግን ወዲያው አልሞተም። ሰው ቢጠራለት ይተርፍ ነበር።»

ታዴይ ደረጃውን ወጣ። ከላይ፣ ከምንጩ አጠገብ፣ አንድ አግዳሚ ወንበር አለ። ወንበሩ ላይ በወረቀት የተጠቀለለ የበግ አይብና አንድ ቢላዋ ተቀምጧል። ከሥሩ በግራ በኩል የባቄላ እሸት ልጣጭ ተከምሯል፤ በቀኝ በኩልም ሌላ ክምር አለ። ኢንስፔክተሩ ቁጢጥ ብሎ ሁለቱን ክምሮች ለረጅም ጊዜ ተመለከተ።

ጋላሲ የመኖሪያ ቤቶች ክፍል ኃላፊ ነበር። በዚህ አገር ዜጋ ሆኖ የሚወለድ ሰው የለም፤ ዜግነት ከሥራ ጋር ይመጣል፣ ከሥራ ጋርም ይሄዳል። ማን ከግንቡ ውስጥ እንደሚኖር፣ ማን ቁልፉን መልሶ እንደሚወጣ የሚወስነው ወረቀት የሚፈረመው በሱ እጅ ነበር። በዚያ ሳምንት ሁለት ሰዎች እንዲወጡ ፈርሟል።

ታዴይ መጀመሪያ የሄደው ወደ ጋላሲ አለቃ፣ ወደ ቄሱ ሞንሲኞር ካስታኛ ነው።

«ወደቀ፤ አለቀ» አሉ ሞንሲኞሩ ከወንበራቸው ሳይነሱ። «እዚህ አገር ሰው ይሞታል እንጂ አይገደልም።»

«ትናንት ኮሪደር ላይ ከሟቹ ጋር ተጨቃጭቀዋል ይባላል።»

«ማነው የሚለው? ይሁን፣ ተጨቃጭቄያለሁ። ባላቸው የሞተባቸው የሲኞራ ኦርቴንሲያ ቤት ሲለቀቅ ለእህቴ ይሁን አልኩት። ሕጉ አይፈቅድም አለኝ። ሰውዬው ከሕጉ ሌላ ዘመድ አልነበረውም።»

«ዛሬ በምሳ ሰዓት የት ነበሩ?»

«ሕግ አውጪው ኮሚሽን ፊት፣ በጀት ሳስረዳ። አራት ካርዲናሎች ሲያፋጥጡኝ ነበር። ካላመንከኝ እነሱን ጠይቅ፤ ድፍረቱ ካለህ።»

«አለኝ፣ ሞንሲኞር» አለ ታዴይ፤ ሄዶም ጠየቀ።

ሲኞራ ኦርቴንሲያ በሩን የከፈቱት ገና ሳያንኳኳ ነው። ባላቸው የቫቲካን ራዲዮ ጣቢያ መሐንዲስ ነበሩ፤ ከሞቱ ወራት አልፈዋል። ሳሎኑ ውስጥ የታሰሩ ካርቶኖች ተደርድረዋል። ጠረጴዛው ላይ ሁለት ሰሃን ቀርቧል፤ አንዱ ባዶና ንጹሕ ነው።

«ግባ ልጄ። እኔን ልትይዝ ነው የመጣኸው?»

«ልጠይቅዎት ነው።»

«ረግሜዋለሁ፤ አልደብቅህም። ባሌ ሲሞት ዜግነቴም አብሮ ተቀበረ። ጋላሲ ወረቀቱን ይዞ ሲመጣ እንኳን አልተቀመጠም፤ እዚያ በሩ ላይ ቆሞ አነበበልኝ።»

«ዛሬ በምሳ ሰዓትስ?»

ሴትዮዋ እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ አሻሹ። «እዚሁ ነበርኩ። ብቻዬን።»

«ያየዎት ሰው አለ?»

«እኔን ማን ያየኛል?»

ታዴይ ዙሪያውን ተመለከተ። የሴትዮዋ ኮት ወንበር ላይ እንደተጣለ ነው፤ ከኪሱ የግቢው ሱቅ ባዶ የወረቀት ከረጢት ብቅ ብሏል። ከረጢቱ ተጣጥፎ የወጣ፣ ተጣጥፎ የተመለሰ ይመስላል።

ላውሮ ፒኛቲን ያገኘው በቢሮው ነው። ላውሮ የአገሪቱ ሕጎች ከመታተማቸው በፊት ቋንቋቸውን ሲያርም ዕድሜውን የጨረሰ፣ ቀጭን፣ ልብሱ ሁልጊዜ የተተኮሰ ሰው ነው። አላገባም። ጋላሲ እንዲወጡ ከፈረመባቸው ሁለት ሰዎች ሲኞራ ኦርቴንሲያ አንዷ ሲሆኑ፣ ጡረታው የደረሰው ላውሮ ሁለተኛው ነው። ዓይኑ በለቅሶ ቀልቷል።

«ጓደኛዬ ነበር» አለ። «ስንት ዓመት እዚያ ወንበር ላይ አብረን ምሳ በላን። ዛሬ ብቻ ነው የቀረሁበት።»

«ለምን ቀሩ?»

«ሮም ወርጄ ነበር፤ ማዘጋጃ ቤት። ከዚህ ልወጣ አይደል? የነዋሪነት ምዝገባ ያስፈልገኛል። ኤርሜቴ ራሱ ነው ‹ቶሎ ጨርስ› ያለኝ።»

«እንዴት ነበር ታዲያ?»

«ምኑ?»

«ማዘጋጃ ቤቱ።»

ላውሮ በምሬት ፈገግ አለ። «ታውቀው የለም እንዴ። ሰልፉ ረጅም ነው። ተራዬ ሲደርስ ከመስታወቱ ጀርባ ያለችው ሴትዮ ቀና ብላ እንኳን ሳታየኝ ወረቀት ጎድሎሃል ብላ መለሰችኝ።»

«ከተማውስ?»

«እንደ ሁልጊዜው። ጫጫታ፣ መኪና፣ ግፊያ። እንዴት ነው ሰው የሚኖርበት?»

«ይለመዳል» አለ ታዴይ። «ሲኞር ላውሮ፣ ወንበሩ ላይ ግን ሁለት ሰው ነው ባቄላ የበላው። በእርስዎ ቦታ ማን የተቀመጠ ይመስልዎታል?»

«እኔም የምጠይቀው እሱኑ ነው።» ላውሮ መሐረቡን አወጣ። «በኔ ቦታ ማን ተቀመጠ?»

ታዴይ በግንቡ በር የቆመውን ጠባቂ ላውሮ ወጥቶ እንደሆነ ጠየቀ። ጠባቂው ትከሻውን ሰበቀ፤ የሚወጣን ሠራተኛ ማንም አይመዘግብም። ኢንስፔክተሩ ወደ ግቢው ሱቅ ጎራ አለና ከሻጩ ጋር ጥቂት አወራ። ከዚያ ባዶውን ጎዳና ይዞ ወደ ባዶ ቤቱ በእግሩ ሄደ። ቤተሰቡ ገና አልተመለሰም ነበር።

በማግስቱ ጠዋት ሦስቱንም ወደ ምንጩ ጠራቸው። ልጣጩ አልተነሳም። ሞንሲኞር ካስታኛ ቆመዋል፤ ሲኞራ ኦርቴንሲያ ከወንበሩ ጫፍ ላይ ተቀምጠዋል። ላውሮ ሌላኛው ጫፍ ላይ፣ በለመደበት ቦታ ተቀመጠ።

«ሬሳውን ሳየው እኔም የወደቀ መስሎኝ ነበር» አለ ታዴይ። «እነዚህን ክምሮች ሳይ ግን ሐሳቤን ቀየርኩ። አንድ ሰው ባቄላ እየፈለፈለ በግራም በቀኝም አይከምርም። ከጋላሲ ጋር አንድ ሰው ነበር። ያ ሰው ጓደኛው ሲወድቅ አልጮኸም፣ ሐኪም አልጠራም። ስለዚህ አደጋ አይደለም። ደግሞ አንድ ቢላዋ ብቻ ነው ያለው። ጋላሲ አይብ እየቆረጠ ያጎርሰው የነበረ ሰው ነው ማለት ነው፤ ሊጣላው የመጣ ሰው አይደለም።»

«እኔን አጉርሶኝ አያውቅም» አሉ ሞንሲኞሩ።

«እርስዎ ኮሚሽኑ ፊት ነበሩ። አራት ካርዲናሎች አንድ ላይ ከዋሹ እኔ ሥራዬን እለቃለሁ።» ወደ ሴትዮዋ ዞረ። «ሲኞራ፣ እርስዎ ግን ዋሽተውኛል። ቤት አልነበሩም።»

ሲኞራ ኦርቴንሲያ አንገታቸውን ደፉ። «አልነበርኩም።»

«ሱቅ ነበሩ። ሻጩ ነግሮኛል። ምሳ ሰዓቱን ሙሉ ተሰልፈው፣ ተራዎ ሲደርስ ለሌላ ሰው እየለቀቁ፣ ምንም ሳይገዙ ተመለሱ። በየቀኑ ነው የሚመጡት አለኝ።»

«ሰው ሲያወራ ለመስማት ነው» አሉ ሴትዮዋ በዝግታ። «ይሄ ደግሞ ለፖሊስ ይነገራል?»

 ታዴይ ወደ ሌላኛው የወንበሩ ጫፍ ዞረ።

«እርስዎስ ሲኞር ላውሮ» አለ ታዴይ፤ «ትናንት ማዘጋጃ ቤት ተሰልፈው ነበር።»

«ነግሬሃለሁ።»

«ሴትዮዋም መለሰችዎት። ከተማውም ጫጫታ ነበር።»

«አዎ።»

«ትናንት ኤፕሪል ሃያ አምስት ነበር። ኢጣሊያ ከፋሺዝም ነፃ የወጣችበት ቀን፤ በዓል ነው። ማዘጋጃ ቤቱ ዝግ ነበር። ሱቁ ሁሉ ተዘግቷል፤ አውቶቡስ እንኳን ስላጣሁ እኔ ራሴ በእግሬ ነው የመጣሁት። እዚህ ግን ቀኑ የሥራ ቀን ነው፤ የኛ በዓል አይደለምና። እዚህ የሚሠራው ሰው አብዛኛው ሮም ስለሚያድር ያውቀዋል። ሞንሲኞር ያውቃሉ። ሲኞራም ሱቅ ተሰልፈው ሲወራ ሰምተዋል። ይህን የማያውቅ ሰው ቢኖር፣ ከግንቡ ከወጣ ብዙ ዓመት የሆነው ሰው ብቻ ነው።»

ላውሮ የተተኮሰ ሱሪውን ጉልበቱ ላይ አስተካከለ። ለመካድ አልሞከረም።

«የዚህን አገር የበዓላት ዝርዝር በየዓመቱ የማርመው እኔ ነኝ» አለ። «በቃሌ ነው የማውቀው። የውጩን… ማን ሊነግረኝ? መድኃኒቱ እዚህ፣ ዳቦው እዚህ፣ ቤተ ክርስቲያኑ እዚህ። ለምን እወጣለሁ?»

«ምን ሆናችሁ?»

«አንድ ዓመት ብቻ ጨምርልኝ አልኩት። ወረቀቱ መሳቢያህ ውስጥ ይቆይ አልኩት። ሕጉን አሳምረህ ያረምከው አንተ ነህ፣ አሁን እንዴት እጥሳለሁ አለኝ። እውነቱን ነው፤ ሥራው ሲያልቅ ዜግነቱ ያልቃል የሚለውን አንቀጽ አንድም ቃል እንዳይንጠለጠል አድርጌ ያረምኩት እኔ ነኝ።» ድምፁ ዝቅ አለ። «ከዚያ ‹አይዞህ፣ ደስ ይልሃል፣ ሰው ታያለህ› አለኝ። ለማጽናናት ነው የተናገረው፤ ይገባኛል። ደረጃው ጫፍ ላይ ቆሞ ነበር። ገፋሁት።»

«ወዲያው አልሞተም» አለ ታዴይ።

«አውቃለሁ። ጠርቶኛል። ሁለት ጊዜ በስሜ ጠራኝ።»

ሲኞራ ኦርቴንሲያ ከወንበሩ ተነሱ። የሚሄዱ መስሏቸው ሞንሲኞሩ መንገድ ለቀቁ፤ ሴትዮዋ ግን ጎንበስ ብለው የላውሮን ፊት አዩ። «ዕድለኛ ነበርክ» አሉት። «በየቀኑ አብሮህ የሚበላ ሰው ነበረህ።»

ላውሮ ቀና ብሎ ኢንስፔክተሩን ጠየቀ፤ «የት ነው የምታሰረው?»

«እስከ ፍርዱ ድረስ እዚሁ፤ ጥቂት ክፍሎች አሉን። ከተፈረደ በኋላ ግን እኛ ወህኒ ቤት የለንም። ከኢጣሊያ ጋር ባለን ስምምነት መሠረት የሚወሰዱት ወደዚያ ነው።»

«ውጭ» አለ ላውሮ።

«ውጭ።»

ፍርዱ የተሰጠው በመከር ነው። ላውሮን ወደ ሮም ወህኒ ቤት የወሰደው ታዴይ ራሱ ነው፤ ሌላ የሚሸኘው ሰው አልነበረም። መኪናው የግንቡን በር ሲያልፍ ጠባቂው እንደወትሮው ሰላምታ ሰጠ፤ ላውሮም ራሱን ነቅንቆ መለሰ። ከዚያ ግንባሩን መስታወቱ ላይ አስደገፈ።

በማዘጋጃ ቤቱ በኩል ሲያልፉ መብራት ያዛቸው። የሥራ ቀን ነበር። ከበሩ ጀምሮ እስከ ጥግ ድረስ ሰው ወረቀት ይዞ ቆሟል፤ አንዳንዱ ያወራል፣ አንዲት ሴት የፊተኛዋን ትከሻ ይዛ ትስቃለች።

ላውሮ መብራቱ እስኪለቅ ድረስ አያቸው።

«እውነትም ሰልፉ ረጅም ነው» አለ።